መሬቱ የእሱ፣ ዛፉ የእኛ

የግራ እጄ መዳፍ ላይ ከአውራ ጣቴ ሥር ተነስቶ እስከ ትንሿ ጣቴ የሚዘልቅ ጠባሳ አለ። ሁለቱ ጣቶቼ አይታጠፉም። ቦንጋ መናኸሪያ አጠገብ ያለችው ምግብ ቤቴ የሚመላለስ ሰው ሁሉ ሳህን ሳስቀምጥለት ዓይኑ እዚያ ላይ ያርፋል፤ ደፈር ያለው ይጠይቃል። «እሳት ነው» እላለሁ። ምድጃ ላይ የምትውል ሴት እሳት ነው ስትል የሚጠራጠር ወንድ እስካሁን አላጋጠመኝም። እሳት ግን አልነበረም፤ ገጀራ ነው። ገጀራውን የያዘው ወንድሜ ነው። ሊቆርጥ የፈለገውም የእኔን እጅ ሳይሆን የገዛ ክርስትና አባቱን አንገት ነበር።

ይህን ታሪክ ሙሉውን ለማንም አውርቼው አላውቅም። ዛሬ የማወራው ልቤ ስለበረደ አይደለም። አሁንም ሳስበው ጥርሴን እነክሳለሁ፤ የእኔ ንዴት ውሎ አድሮ የሚበርድ ዓይነት አይደለም፣ እናቴም ነፍሷን ይማርና ይህንን እያለች ነበር የምትመክረኝ።

የወንድሜ ክርስትና አባት በወጣትነቱ ከመሀል አገር ጨርቅ ይዞ መጥቶ ቦንጋ ላይ የቀረ ነጋዴ ነበር። እኛ ልጆች ጋሼ እንለዋለን። ወንድሜ ክርስትና ሲነሳ ያቀፈው እሱ ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ አባዬና እሱ «አበልጄ» ተባባሉ። አበልጅነት ቀላል ነገር አይደለም፤ ሳይወላለዱ መዛመድ ነው። ደርግ ሱቁን ሲያሽግበት አባዬ ቆጮና ቡና በፈረስ እየጫነ ቤተሰቡን መግቦለታል። ደርግ ወድቆ ንግዱ ሲከፈት ደግሞ እሱ በተራው ለእኔ ምግብ ቤት መክፈቻ የመጀመሪያዎቹን ድስቶች ከሱቁ አውጥቶ «ሲሞላልሽ ትከፍያለሽ» ብሎ ሰጠኝ። በየዓመቱ ማር ሲቆረጥ የመጀመሪያው ማር በእንሰት ቅጠል ተጠቅልሎ ወደ እሱ ቤት ነበር የሚሄደው። በሬ ካራጁ ይውላል ይላሉ። ማን በሬ፣ ማን አራጅ እንደነበር ግን እስከ ዛሬ አልለየሁም።

ማሩ የሚመጣው ከአንድ ትልቅ ጌተም ላይ ነው። አያታችን ቀፎ የሰቀሉበት ዛፍ ነው፤ ሲያብብ ጫካው በሙሉ በንብ ይጮሃል። አያታችን ሲሞቱ በዛፉ ሥር ያለው ቡናና ኮረሪማ ለአባዬ ደረሰው። ዛፉ ግን የአባዬና የታናሽ ወንድሙ፣ የአጎቴ፣ የጋራ ሆነ። በፀሐይ መውጫ በኩል ያሉት ቅርንጫፎች የአጎቴ፣ በመጥለቂያው በኩል ያሉት የአባዬ። ለእኛ ይህ እንግዳ ነገር አይደለም። በከፋ የቀፎ ዛፍና ዛፉ የቆመበት መሬት አንድ ሰው ብቻ የግድ አይይዛቸውም። መሬቱ ወደ ሌላ ሰው ቢዛወር እንኳ ባለ ቀፎው ገመዱን ይዞ ይመጣል፣ ይወጣል፣ ማሩን ቆርጦ ይወርዳል። ማንም «የት ትሄዳለህ?» አይለውም። ሲወርድ ለባለመሬቱ እንጎቻ የምታህል እሸት ማር ትቶለት ይሄዳል፤ በቃ።

እንግዲህ ችግሩን የጎተተው ወንድሜ ነው። በገበያ ቀን ጠላ ቤት ተጣልቶ የአንድን ሰው ዓይን በተሰበረ ጠርሙስ አጠፋ። የሰውየው ወንድሞች ገጀራ ይዘው የአባዬን ደጅ ረገጡ። ወንድሜን ሲያጡት ውሻችንን ደጃፉ ላይ አርደው፣ ደሙን በራችን ላይ ቀብተውት ሄዱ። ሽማግሌ ገባ። ካሳ ተቆረጠ፤ ካሳው ካልተከፈለ ደም በደም እንደሚሆን ልጅ እንኳ ያውቅ ነበር። አባዬ ያለው ነገር መሬት ብቻ ነው።

ሕጉ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም አይለወጥም ይላል። ታዲያ ሰው መሬት መሸጥ ትቶ ነበር? አልተወም። ስሙን ነው የለወጠው። አንዱ «ስጦታ» ብሎ ይጽፈዋል፣ ሌላው «ብድር»። የጅማው መንገድ አስፋልት ሊለብስ ነው መባል ከጀመረ ወዲህማ መንገድ ዳር መሬት ያለው ሰው ሁሉ ድንገት ቸር ሆኖ፣ ለማያውቀው ነጋዴ መሬት «ሲሰጥ» ይውል ነበር። አባዬም ያንን ቡና መሬት ለአበልጁ ሸጠ፤ ወረቀቱ ላይ ግን «ስለ ውለታው ሰጥቼዋለሁ» ተባለ። ካሳው ተከፈለ፣ ወንድሜም ከተደበቀበት ወጣ።

ድንበሩ ሲታይ እኔም ነበርኩ። አባዬ ከፊት፣ ጋሼ ከኋላ፣ አጎቴ ደግሞ ምስክር ሆኖ ከጎን እየሄዱ ከወንዙ እስከ መንገዱ ዞሩ። ጌተሙ ሥር ሲደርሱ ጋሼ ኮቱን አውልቆ ግንዱ ላይ ተደገፈ፤ ላቡን ጠረገ። «አቤት ጥላ!» አለ። አባዬ ሳቀ። አጎቴም ሳቀ። ቀፎዎቹ ከላያቸው ተንጠልጥለዋል፣ ንቦቹ ይገባሉ ይወጣሉ። ስለ ዛፉ ማንም ምንም አላለም። አባዬ ዝም ያለው የማይሸጥ ነገር ስለማይነሳ ነው። ጋሼ ዝም ያለው የቆመበት ሁሉ የእሱ ስለመሰለው ነው። ይህን ያህል ዘመን አብሮን በልቶ ጠጥቶ፣ ማራችንን በየዓመቱ እየላሰ፣ ማሩ በማን መብት ከዛፍ እንደሚወርድ አንድ ቀን ጠይቆ አያውቅም። በዚህ እስከ ዛሬ እናደዳለሁ።

ጋሼ መሬቱ ላይ ዘበኛ ቀጠረ። የማር ወቅት ሲደርስ አጎቴ እንደ ልማዱ ገመዱን ትከሻው ላይ ጥሎ፣ ንብ ማጨሻውን ይዞ ሄደ። ዘበኛው ከሩቅ የመጣ ሰው ነው፤ የሚያውቀው የተሰጠውን ትእዛዝ ብቻ ነው። አጎቴ የዛፉ ግማሽ ላይ ሳለ ዘበኛው በድንጋይ ወገረው። አልወድቅ ሲለው ጠበቀውና ማሩን ቆርጦ ሲወርድ በዱላ አናቱን አለው። መሬት ላይ ከተዘረረ በኋላም አላቆመም። አጎቴን በቃሬዛ ሲያመጡት ፊቱ ፊት አይመስልም ነበር፤ ደሙ ከማሩ ጋር ተቀላቅሎ ጢሙ ላይ ደርቋል፣ ዝንቡ አይጣል ነው። የፊት ጥርሶቹን ሚስቱ በነጠላዋ ጫፍ ቋጥራ ይዛ ነበር። ለምን እንደያዘቻቸው አላውቅም፤ እሷም የምታውቅ አይመስለኝም።

 ወንድሜ በማግስቱ ዘበኛውን መንገድ ላይ ጠብቆ ሁለቱንም ክንዶቹን ሰበራቸው። አንደኛውን በዱላ፣ ሁለተኛውን ደግሞ ድንጋይ ላይ አጋድሞ በእግሩ ረግጦ። ለዚህ ብዙ ወር ታሰረ። እውነት ለመናገር የሰማሁ ቀን አላዘንኩም። ምድጃዬ አጠገብ ቆሜ «እሰይ» ብያለሁ።

አባዬ ወደ ጋሼ ሱቅ ሄደ። እኔም ተከትዬው ገባሁ።

«አበልጄ» አለው አባዬ፣ በዚያ በተሰባበረ አማርኛው፤ «ወንድሜን ለምን አስመታህ? ዛፍ የእኛ ነው እኮ።»

«የማን?» አለ ጋሼ። ሚዛኑን አስቀመጠ። «በእኔ መሬት ላይ የቆመ ዛፍ የማን?»

«መሬት ያንተ። ዛፍ የእኔና የወንድሜ።»

«እንዲህ ያለ ነገር ስትሸጥልኝ ነግረኸኛል?»

አባዬ ግራ ገብቶት አየው። «ምን ብዬ ልንገርህ? ሰማይ ከላይህ ነው ልበልህ?»

ጋሼ ሳቀ፤ ሳቁ ግን ዓይኑ ጋ አልደረሰም። «የሌላ ሰው መብት ያለበትን ደብቀህ ሸጥህልኝ ማለት ነዋ! አታለልከኝ። በገዛ አበልጄ ተታለልኩ» አለ። አባዬን ክፉኛ የመታው ይህ ቃል ነው። በእኛ ቤት ሌባ ከመባል አታላይ መባል ይብሳል። ሌባ ተርቦ ይሆናል ይባልለታል፤ አታላይ ግን ምንም አይባልለትም።

ፖሊሶች አባዬን ሊይዙት የመጡት እኔ ምግብ ቤት ውስጥ እየበላ ሳለ ነው። የማታለል ወንጀል ክስ ተመሥርቶብሃል አሉት። ሰው በተሞላበት ቤት፣ እጁ ገና ጎመን እንደነካ፣ ታጥቦ እንዲነሳ እንኳ አልፈቀዱለትም። አንደኛው ክንዱን ጠምዝዞ ካቴና ሲያስገባበት አባዬ «ዋይ!» አለ። አባቴ ዋይ ሲል ሰምቼ አላውቅም ነበር። በእጄ የነበረውን ጭልፋ ከነትኩስ ወጡ ፖሊሱ ፊት ላይ አሳረፍኩት። እሱም በጥፊ አለኝና ወንበር ላይ ወደቅኩ፤ ሲረግጠኝ ጎኔ ላይ አንድ ነገር ቀጭ ሲል ተሰማኝ። ደንበኞቼ ግድግዳውን ተለጥፈው ያያሉ። አባዬ ካቴናው እንደታሰረ ጎንበስ ብሎ «ተነሺ ልጄ፣ ወጡ ያርራል» አለኝ። እኔም ተነስቼ ወጡን አወረድኩት።

በዋስ ከወጣ በኋላ ፍርድ ቤቱ አጥር ሥር ተቀምጠው ማመልከቻ ከሚጽፉት አንዱ ጋ ወሰድኩት። አሮጌ ሰው ነው፣ ነገር አዋቂ። ወረቀቱን አይቶ ፈገግ አለ።

«ይሄ ምን ያስጨንቃችኋል? ወረቀቱ ስጦታ ነው የሚለው። ዳኛው ሲጠይቁህ ‹ሰጠሁት፣ ምንም አልተቀበልኩም› በል። በነፃ ስጦታ የተታለለ ሰው የት አገር አለ? የዚያኑ ቀን ቤትህ ትገባለህ።»

ጋሼም በበኩሉ ሽማግሌ ላከ። ዛፉን ይተውልኝ፣ ክሱን እተዋለሁ አለ። ለካ ሰውየው አባዬን ማሳሰር አልነበረም ፍላጎቱ፤ አስፈራርቶ ዛፉን ሊወስድ ነው። ሁለት በር ተከፍቶልናል ማለት ነው። እኔ በደስታ ልሞት ደረስኩ፤ አባዬ ግን በሁለቱም አልገባም አለ።

«አባዬ፣ አብደሃል?» አልኩት። «ሰጠሁ በል፣ አለቀ! ወረቀቱስ የሚለው እሱን አይደል?»

እቤት የምናወራው በካፊኖኖ ነው፤ በራሱ ቋንቋ አባዬ ንግግሩ ረጋ ያለ ነበር። «ስሚ» አለኝ። «ስጦታ ተከፍሎ አይሰጥም። የሰጠ ሰው ከነሥሩ ከነቅርንጫፉ ነው የሚሰጠው። ልጁን የዳረ ሰው ‹እጇ ለእኔ ይቅር› አይልም። ሽያጭ ግን በስም ነው፤ የጠራኸው ይሄዳል፣ ያልጠራኸው ይቀራል። እኔ ዛፉን አልጠራሁም። ‹ሰጠሁት› ካልኩ ዛፉንም ሰጠሁት ማለት ነው። የወንድሜን ቅርንጫፍ፣ የአባቴን ቀፎ።»

«ይሄ ያንተ ሕግ ነው። የፍርድ ቤቱ አይደለም።»

«ዛፉስ የፍርድ ቤቱ ነው?»

ጮህኩበት። ሳህን ሰበርኩ። አልቅሼ ለመንኩት፤ እግሩ ላይ ወደቅኩ። በእርጅናህ እስር ቤት ትገባለህ አልኩት። አጎቴ ራሱ፣ በዚያ ጥርስ አልባ አፉ፣ «ወንድሜ፣ ዛፉ ይቅርብኝ» ብሎ ለመነው። አባዬ የወንድሙን ፊት እያየ፣ «ጥርስህን የከፈልክበት ነው፤ አይቀርብህም» አለው።

የቀጠሮው ቀን ችሎቱ ሞልቷል። ዳኛው ወጣት ናቸው። ጋሼ በግል ተበዳይነት ተጠርቶ ገዝቼ ተታለልኩ ብሎ መሰከረ። አስተርጓሚው አባዬ አጠገብ ቆሟል።

«ተከሳሽ፣ ይህን መሬት ለግል ተበዳይ ሰጡት ወይስ ሸጡለት?»

አስተርጓሚው ሊተረጉም አፉን ሲከፍት አባዬ እጁን አንስቶ አስቆመው። በመካከል ሌላ አፍ እንዲገባበት አልፈለገም። በአማርኛ፣ ጮክ ብሎ፣ «ሸጥኩ» አለ።

 ዳኛው እስክሪብቷቸውን አስቀመጡ። «የሚሉት ነገር ምን እንደሚያስከትል ያውቃሉ? ወረቀቱ ስጦታ ነው የሚለው።»

«ወረቀት ዋሸ። መሬት ሸጥኩ። ዛፍ አልሸጥኩም።»

ጋሼን አየሁት። መጀመሪያ የአሸናፊ ፊት ነበረው። ዳኛው ወደ እሱ ዞረው፣ መሬት እንደማይሸጥና ገዛሁ ያለውም ውል እንደማይጸናለት ሲነግሩት ያ ፊት እንደ አመድ ሆነ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚባለው እሱ ላይ ደረሰ። ሰጠኝ ቢል ኖሮ መሬቱም በእጁ በቀረ፤ ክስ አማረውና ውሉን በገዛ አፉ አፈረሰው። አባዬ ላይ ግን የወንድሙን መብት ሳይገልጽ በመሸጡ ተፈረደበት፤ ከዓመት በላይ እስራት። ያ ማመልከቻ ጸሐፊ በኋላ አግኝቶኝ፣ «አባትሽ ቀበሮ ናቸው! በአንድ ቃል መሬቱን አስመለሱ!» አለኝ። ከተማው ሁሉ እንዲህ አወራ። አባዬ ግን እንዲህ አላሰበም። እሱ ያዳነው ዛፉን ነበር።

ወንድሜ በዚያው ሰሞን ተፈቷል። አባዬ ከገባ ብዙም ሳይቆይ አንዲት ጎመን ሻጭ ሮጣ መጥታ፣ «ዛፋችሁን እየቆረጡት ነው!» አለችኝ። ሽርጤን እንኳ አልፈታሁም። ባጃጅ ይዤ መንገዱ እስከሚያደርስ ደረስኩ፤ ከዚያ ሮጥኩ። የሞተር መጋዙ ድምፅ ከወንዙ ማዶ ይሰማል። ጋሼ የቀን ሠራተኞች ይዞ መጥቷል። ቡናውን መጀመሪያ አስጨፍጭፎታል፤ ለእሱ ካልሆነ ለማንም እንዳይሆን። ያበደ ሰው ነበር የሚመስለው፤ ኮቱን አውልቆ በገዛ እጁ መጥረቢያ ይሰነዝራል። «የእኔ ካልሆነ የማንም!» እያለ ይጮሃል።

ዛፉ ሲወድቅ ምድሩ ከእግሬ ሥር ተንቀጠቀጠ። ቀፎዎቹ ተፈነከቱ። ማሩ፣ የንቡ እጭ፣ ሰሙ ጭቃው ላይ ተዘረጋ፤ ንቡም እንደ ጥቁር ውሃ ገንፍሎ ወጣ። ሠራተኞቹ መጋዛቸውን ጥለው እየጮሁ ወደ ወንዙ ፈረጠጡ። ጋሼ ብቻ ቀረ። ፊቱን በእጁ ሸፍኖ ይዞራል፣ ይወድቃል፣ ይነሳል። ራሱ ንብ በንብ ሆኗል። ወንድሜ ያኔ ከጫካው ወጣ። ንቡ እሱንም ይነድፈዋል፣ ግን አልሮጠም። ገጀራውን ዝቅ አድርጎ ይዞ ቀጥ ብሎ ይራመዳል። ጋሼ ድምፁን ይሁን ኮቴውን ሰምቶ፣ «ልጄ! ልጄ ነህ? አውጣኝ!» አለ። ዓይኑ ተደፍኖ ነበርና ገጀራውን አላየም።

ወንድሜ ገጀራውን አነሳ። እንዴት እንደደረስኩ አላውቅም። ስለቱን በመዳፌ ያዝኩት። እሱም ሳያየኝ ሳበው። አጥንቴ ሲፋቅ ሰማሁት፤ ከዚያ ትኩስ ነገር በክንዴ ወረደ። ወንድሜ ደሙን አየ፣ እኔን አየ። ያ የሰው ክንድ ድንጋይ ላይ የሰበረ ሰው እንደ ሕፃን «እቴ! እቴ!» እያለ ማልቀስ ጀመረ። ገጀራውን ጥሎ ሮጠ።

ጋሼን በአንድ እጄ እየጎተትኩ ወንዙ ውስጥ ከተትኩት። ከውሃው ቀና ሲል ከንፈሩ አብጦ መናገር ይከብደው ነበር። «የእኔ ልጅ፣ ነፍሴን…» አለ። ዕድሜ ልኬን «እርስዎ» ብዬው ነበር። «ዝም በል» አልኩት። «ያዳንኩት ወንድሜን ነው። አንተማ ብትሞት ቆሜ አይህ ነበር።» ተፋሁበትና ሄድኩ። ይህን ያልኩት በንዴት ነው ብዬ አላስተባብልም፤ አሁንም እለዋለሁ። ጋሼ ወንድሜን አልከሰሰም። ከክስ የጠገበ ይመስለኛል። ሱቁን ዘግቶ ወደ ዋጫ ከተማ ሄደ። ወንድሜ ቢታ ገነት አካባቢ የሰው ቡና እየለቀመ ተደበቀ፤ የሚሸሸው ከማንም ሳይሆን ያቆሰለውን እጄን ከማየት ነው።

ማረሚያ ቤት አባዬን ልጠይቅ ስሄድ በጨርቅ የተጠቀለለውን እጄን አየ።

«ምን ሆነሽ?»

«እሳት ነው» አልኩት። ይህን ውሸት መጀመሪያ የነገርኩት ለእሱ ነው።

ከዚያ በኋላ በሄድኩ ቁጥር ጥያቄው አንድ ነው፤ ስለ መሬቱ አይጠይቅም፣ ስለ አበልጁም አይጠይቅም። «ጌተሙ አቆጠቆጠ?» ይለኛል። «አቆጠቆጠ።» «አበበ?» «አበበ አባዬ፣ ዘንድሮ እንደ ጉድ ነው ያበበው።» ደስ ይለዋል። ከስቷል፣ ጉንፋኑ አይለቀውም፣ ወለል ላይ ነው የሚተኛው፤ ይህን ስሰማ ግን ፊቱ ይበራል። አብረውት ለታሰሩት፣ «ልጄ ማር ስታመጣ ሁላችሁም ትቀምሳላችሁ» ብሏቸዋል። ለምን ታሰርክ ሲሉትም በዛፌ ነው ይላቸዋል፣ ኮራ ብሎ። አጎቴ ሊጠይቀው አንድ ቀን እንኳ አልሄደም። የወንድሜን ዓይን በምን ዓይኔ አያለሁ ይል ነበር።

የማር ወቅት መጣ። ገበያ ወጥቼ ነጭ ማር፣ ምርጡን ገዛሁ። እንደ ቤታችን ወግ በእንሰት ቅጠል ጠቅልዬ ወሰድኩለት። አባዬ ቅጠሉን ገለጠ። ጣቱን ሊነክር ሲል ቆም አለ።

«ማን ቆረጠው?»

«አጎቴ ነዋ።»

«እሱ የት አለ?»

«ትንሽ አሞት…»

«የዚያን ዛፍ የመጀመሪያ ማር ወንድሜ በሰው እጅ አይልክም። ቢያመው ተሸክመውት ይመጣል።» ማሩን ሳይቀምስ አስቀመጠው። ከዚያ በሽቦው አጥር መሀል እጁን ሰደደና የግራ እጄን ያዘ። መዳፌን ገለበጠው። ጠባሳውን ከአውራ ጣቴ ሥር ጀምሮ በጣቱ ተከተለው፤ እስከ ትንሿ ጣቴ።

«እሳት እንዲህ ቀጥ ብሎ አይሄድም» አለ። «ልጄ አለ?»

«አለ። በሕይወት አለ።»

«አበልጄስ?»

«እሱም አለ።»

«ዛፉ?»

አንገቴን ደፋሁ።  ከኋላው ያሉት እስረኞች የማሩን ጥቅልል እያዩ ይጠብቃሉ።

«መሬቱ እኮ ተመልሶልሃል አባዬ» አልኩት፣ ሌላ የምለው ስላጣሁ። «ስትፈታ እንደገና ትተክላለህ።»

«መሬቱማ የእሱ ነው» አለኝ። «ሸጬለታለሁ።» እጄን አልለቀቀውም፤ ፊቴን ትኩር ብሎ ያያል። «የእኔ ዛፉ ነበር። ዛፉ ከሌለ ታዲያ እኔ እዚህ የተቀመጥኩት በምን ምክንያት ነው?»

እንዲያው ምሬት ሊያወጣ የተናገረው አልነበረም። መልስ ይጠብቅ ነበር።